ጥላቻው በሰላምታ ይጀምራል

እስቲ አንድ የ16 ዓመት ልጅ አስቡ። ሌሊቱ ገፍቷል። ቤተሰቡ ተኝቷል። እሱ ስልኩ ላይ ጌም እየተጫወተ ነው። ተሸነፈ። አንድ የማያውቀው ሰው ጻፈለት። «አይዞህ፣ ጎበዝ ነህ እኮ። መጨረሻ ላይ ባትቸኩል ታሸንፍ ነበር።» ልጁ ደስ አለው። ቀኑን ሙሉ ጎበዝ ነህ ያለው ሰው አልነበረም።

በነጋታው ሰውየው ተመልሶ መጣ። ፈተናው እንዴት እንደነበር ጠየቀው። ፈተና እንዳለበት አስታውሶ የጠየቀው እሱ ብቻ ነበር። ሦስት ሳምንት ሙሉ ስለ ፖለቲካ፣ ስለ ሃይማኖት፣ ስለ ዘር አንድም ቃል አልተነሳም። ከዚያ አንዲት ቀልድ መጣች። በሌላ ወገን ሰዎች ላይ የምትቀልድ ናት። ትንሽ ትሰቀጥጣለች፣ ግን ታስቃለች። ልጁ ሳቀ። ቀጥላ የመጣችው ከበድ ያለች ነበረች። እሷም አሳቀችው። በሁለተኛው ወር «እዚህ በነፃነት አይወራም፣ ወደ እኛ ግሩፕ ና» የሚል ሊንክ ተላከለት።

ልጁን የፈጠርኩት እኔ ነኝ። መንገዱን ግን አልፈጠርኩትም። ከጽንፈኛ ቡድኖች የወጡ ሰዎች ታሪካቸውን ሲናገሩ፣ ቡድኑ ምንም ይሁን ምን፣ ይህ ነገር ደጋግሞ ይሰማል። መጀመሪያ የሳባቸው የቡድኑ አስተምህሮ አልነበረም። የሚያናግራቸው ሰው ማግኘታቸው ነበር። ጥላቻው የመጣው በኋላ ነው፤ እያሳሳቀ እንደሚወስድ ውሃ።

ይህን የማነሳው ብዙዎቻችን አደጋውን የምንፈልገው ሌላ ቦታ ስለሆነ ነው። ጽንፈኛ ሲባል ጠመንጃ ይዞ ቪዲዮ ላይ የሚፎክር ሰው ይታየናል። እንዲህ ያለውን ልጆቻችን ራሳቸው አይተው ያልፉታል። «አይዞህ» ብሎ የሚጀምረውን ግን ማን ይጠረጥረዋል?

ለመሆኑ ጽንፈኛ የሚባለው ማነው?

ጠንካራ እምነት ያለው ሰው ሁሉ ጽንፈኛ አይደለም። አጥብቆ የሚጸልይ፣ ለወገኑ መብት አጥብቆ የሚከራከር፣ መንግሥትን አምርሮ የሚቃወም ሰው በዚህ ብቻ ጽንፈኛ አይባልም። መለያው ሌላ ነው። «እኛ እንድንኖር እነዚያ መጥፋት፣ መባረር ወይም መንበርከክ አለባቸው» የሚል አስተሳሰብ ሲመጣ ነው ጽንፍ የሚባለው። «እኛ» እና «እነዚያ» በሚሉት ቦታ የፈለጋችሁትን ዘር፣ ሃይማኖት ወይም ፓርቲ ብታስገቡ ቀመሩ አይለወጥም። ለዚህ ነው የነጭ የበላይነትን የሚሰብከው ቡድንና ራሱን እስላማዊ መንግሥት ብሎ የሚጠራው ቡድን (አይሲስ)፣ ደመኛ ጠላቶች ሆነው ሳለ፣ ኢንተርኔት ላይ የሚሠሩበት ዘዴ መንትያ የሚመስለው።

ይህን ልዩነት አጥብቀን መያዝ አለብን። «ጽንፈኛ» የሚለው ቃል የማንስማማበትን ሰው ሁሉ መምቻ ዱላ ከሆነ፣ እውነተኛው አደጋ ሲመጣ የምንጠራበት ስም እናጣለን።

ወደ ኢንተርኔት የመጡት ዛሬ አይደለም

(ከዚህ በታች ያሉት ዓመቶች፣ ወሮችና ቀኖች ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

በ1995 አብዛኛው የዓለም ሕዝብ ኢንተርኔት ምን እንደሆነ ገና አያውቅም ነበር። በዚያ ዓመት ኩ ክላክስ ክላን የተባለው የነጭ ዘረኞች ቡድን መሪ የነበረው ዶን ብላክ አሜሪካ ውስጥ ስቶርምፍሮንት የተባለ ድረ ገጽ ከፈተ። የነጭ የበላይነት አቀንቃኞች መሰብሰቢያ ነበር። ለምን ኢንተርኔት? ጋዜጣ አያወጣላቸውም። ቴሌቪዥን አያቀርባቸውም። አዳራሽ የሚያከራያቸውም ጥቂት ነው። ኢንተርኔት ግን ማን እንደሆኑ አልጠየቃቸውም። በየቦታው አንድ ሁለት ሆነው ተበታትነው የነበሩ ሰዎች ድንገት ተገናኙ። ብዙ የሆኑም መሰላቸው።

«ብዙ ነን» የሚለው ስሜት ዛሬም ዋናው ሸቀጣቸው ነው። በሰኔ 2014 እስላማዊ መንግሥት ነኝ የሚለው ቡድን የኢራቋን ሞሱል ሲይዝ፣ ደጋፊዎቹ ስልካቸው ላይ የሚጭኑት መተግበሪያ ነበረው። መተግበሪያው የቡድኑን መልእክት በእያንዳንዱ ደጋፊ የትዊተር አካውንት ራሱ ይለጥፋል። በአንድ ቀን ወደ 40,000 የሚጠጉ ትዊቶች ወጡ። ሩቅ ሆኖ ለሚያየው የሕዝብ ማዕበል ይመስላል። ከጀርባው ግን አንድ መተግበሪያ ነበር። በምሥራቅ አፍሪካም አልሸባብ ከ2011 መጨረሻ ጀምሮ ትዊተር ላይ ነበር። በመስከረም 2013 ናይሮቢ በሚገኘው ዌስትጌት የገበያ ማዕከል ላይ ጥቃት ሲያደርስ፣ ኃላፊነቱን የወሰደውም ሲፎክር የነበረውም እዚያው ነው። አካውንቱ ሲዘጋ ሌላ ይከፍታል። ያም ሲዘጋ ሌላ።

አደባባይ፣ ሳሎን፣ ጓዳ

ዘዴያቸውን ለመረዳት ቤት ማሰብ ይበቃል። ቤቱ ከደጁ አደባባይ አለው፣ ሳሎን አለው፣ ጓዳም አለው።

አደባባዩ ሁላችንም የምንውልበት ነው። ፌስቡክ፣ ቲክቶክ፣ ዩቲዩብ፣ ኤክስ (የድሮው ትዊተር)፣ የጌም መድረኮች። እዚህ ላይ ጽንፈኛው ጨዋ ነው። ቀልድ ይለጥፋል። ሙዚቃ የተቀናበረበት አጭር ቪዲዮ ይለቃል። ብዙ ጊዜ ደግሞ እውነተኛ በደል ያነሳል። የተገደለ ሰው፣ የተፈናቀለ ቤተሰብ፣ ሥራ ያጣ ወጣት። በደሉ እውነት ስለሆነ ሰው ያዳምጣል። ውሸቱ ያለው በደሉ ላይ አይደለም፤ «ይህን ያደረጉት እነዚያ ሁሉ ናቸው» የሚለው ማጠቃለያ ላይ ነው። አስተያየት መስጫው ውስጥ ማን ላይክ እንዳደረገ፣ ማን እንደተናደደ፣ ማን ብቸኝነት እንደሚሰማው ይታያል። ዓሣው የሚጠመደው እዚህ ነው።

ሳሎኑ በግብዣ የሚገባበት ግሩፕ ወይም ቻናል ነው። ሰው መግባቱን እንደ ክብር ይቆጥረዋል። እዚህ የቡድኑ የራሱ ቋንቋ አለ። የራሱ ቀልድ፣ የራሱ ጀግኖች፣ ለውጭ ሰው ትርጉም የማይሰጡ ቁጥሮችና ምልክቶች አሉት። ለምሳሌ ኒዮ ናዚዎች፣ ማለትም የሂትለርን አስተሳሰብ ዛሬም የሚከተሉ ሰዎች፣ 88 የሚለውን ቁጥር ይጠቀማሉ። 8 በላቲን ፊደል ተራ ስምንተኛዋን ፊደል፣ Hን፣ ይወክላል፤ ሁለት ጊዜ ሲጻፍ «ሃይል ሂትለር» (Heil Hitler) የሚለው ሰላምታ ምህጻር ይሆናል። የሚያውቅ ያውቀዋል፣ የማያውቅ ያልፈዋል። ኮዱ ከቁጥጥር ያስጥላል፤ ከዚያ በላይ ግን «እኛ ብቻ የምናውቀው ነገር አለ» የሚል የቤተሰብነት ስሜት ይፈጥራል።

ጓዳው የግል መልእክት ነው። ሦስት አራት ሰው፣ አንዳንዴም ሁለት ብቻ። ትእዛዝ ካለ፣ ገንዘብ ካለ፣ እቅድ ካለ የሚወራው እዚህ ነው። አብዛኛው ሰው እዚህ አይደርስም። አደባባይ ላይ ስቆ ይቀራል፣ ወይም ሳሎን ገብቶ ሰልችቶት ይወጣል። ይህን አንርሳ፤ የጥላቻ ሜም ሼር ያደረገ ልጅ ሁሉ ቦምብ አጥማጅ አይሆንም።

አልጎሪዝሙስ?

«አልጎሪዝም ነው ልጆቹን የሚያበላሸው» ሲባል ትሰማላችሁ። ግማሽ እውነት አለው። አልጎሪዝም ማለት ቀጥሎ ምን እንደምታዩ የሚመርጥላችሁ የኮምፒውተር ቀመር ነው። የሚለካው ስክሪኑ ላይ ምን ያህል እንደቆያችሁ ነው። ያየነው ነገር ይጥቀመን ይጉዳን አይለካም። ንዴት ደግሞ ሰውን ያቆያል። በፌስቡክ ውስጥ በ2016 የተዘጋጀና በኋላ በ2020 በጋዜጠኞች ይፋ የወጣ አንድ ሰነድ፣ ወደ ጽንፈኛ ግሩፖች ከተቀላቀሉት ውስጥ 64 ከመቶው የገቡት ኩባንያው ራሱ «ይህን ግሩፕ ሊወዱት ይችላሉ» ብሎ ስለጠቆማቸው ነው ይላል። ይህን ቁጥር መጀመሪያ ሳነብ ደንግጫለሁ። መንገዱን የሚያሳየው ሰባኪው ብቻ አልነበረም፤ የቤቱ አከራይ ጭምር ነበር።

ሌላውም ግማሽ መነገር አለበት። ዩቲዩብ ላይ የተሠራና በ2023 የታተመ ጥናት፣ ጽንፈኛ ቻናሎችን በብዛት የሚያዩት ቀድሞውኑ በዘር ወይም በሴቶች ላይ ጥላቻ የነበራቸው፣ ቻናሎቹንም ራሳቸው ሰብስክራይብ ያደረጉ ሰዎች እንደሆኑ አሳይቷል። ጥናቱ የተሠራው ኩባንያው ጥቆማዎቹን ካስተካከለ በኋላ ነው። እኔ ከሁለቱ የምረዳው ይህን ነው። ማሽኑ ከምንም ተነስቶ ጥላቻን አይፈጥርም። የተራበውን ሰው ግን በፍጥነት ወደ መርዙ ያደርሰዋል። ስለዚህ ስለ ማሽኑ ስንነጋገር ስለ ረሃቡም መነጋገር አለብን።

ካሜራው ለማን ነበር?

መጋቢት 15 ቀን 2019 በኒውዚላንድ ክራይስትቸርች ከተማ አንድ ታጣቂ ሁለት መስጊዶች ላይ ጥቃት አደረሰ። 51 ሰዎች ተገደሉ። ሰውየው ካሜራ ራሱ ላይ አስሮ ግድያውን በፌስቡክ ላይቭ አስተላለፈ። ስርጭቱ 17 ደቂቃ ቆየ።

እንደ ፌስቡክ መረጃ በቀጥታ ያዩት ከ200 ያነሱ ሰዎች ነበሩ። ከእነሱ ውስጥ አንድም ሰው ላይቩ እየተላለፈ ሪፖርት አላደረገም። የመጀመሪያው ሪፖርት የደረሰው ስርጭቱ ከተጀመረ 29 ደቂቃ በኋላ፣ ማለትም ካለቀ ከ12 ደቂቃ በኋላ ነው። ቪዲዮው እስኪነሳ ድረስ በአጠቃላይ 4,000 ጊዜ ያህል ታየ። እዚህ ላይ ያበቃ ይመስላል። አላበቃም። በቀጣዩ 24 ሰዓት ውስጥ ፌስቡክ የዚህን ቪዲዮ 1.5 ሚሊዮን ቅጂ አነሳሁ አለ። 1.2 ሚሊዮኑ ገና ሲጫኑ ታግደዋል። ቀሪዎቹ ግን ለጊዜውም ቢሆን አልፈው ነበር።

ይህን ሁሉ ቅጂ የጫነው ማነው? የገዳዩ ደጋፊዎች አሉበት። ግን «ይህን አረመኔ እዩልኝ» ብለው፣ ተቆጥተውና አልቅሰው ሼር ያደረጉ ሰዎችም ነበሩ። ገዳዩ የፈለገው ሁለቱንም ነው። የእንዲህ ያለ ጥቃት ዒላማ የሚገደሉት ብቻ አይደሉም፤ የሚያዩትም ናቸው። ግማሾቻችን እንድንፈራ፣ ጥቂቶቻችን ደግሞ እንድንቀና ይፈለጋል። ያቺ ጥቂት ደግሞ ትበቃዋለች። በግንቦት 2022 በአሜሪካዋ በፋሎ 10 ጥቁር አሜሪካውያንን የገደለው ወጣት የክራይስትቸርቹን ቪዲዮ አይቶ እንደተነሳሳ ራሱ ጽፏል። እሱም ካሜራ ይዞ ነበር።

የያኔዋ የኒውዚላንድ ጠቅላይ ሚኒስትር ጃሲንዳ አርደርን ከጥቃቱ በኋላ በፓርላማ ቆመው የገዳዩን ስም ፈጽሞ እንደማይጠሩ ተናገሩ። የጠፉትን ሰዎች ስም ጥሩ አሉ። እኔም በዚህ ጽሑፍ አልጠራውም። የፈለገው ስሙ እንዲጠራ ነው፤ ለምን እሰጠዋለሁ?

ማጥፋት ይቻላል ወይ?

ኩባንያዎቹ ዝም ብለው አልተቀመጡም። በ2017 ፌስቡክ፣ ማይክሮሶፍት፣ ትዊተርና ዩቲዩብ በጋራ አንድ መድረክ መሠረቱ። ዋና ሥራው የጣት አሻራ መለዋወጥ ነው ማለት ይቻላል። አንድ የጥቃት ቪዲዮ ሲገኝ ኮምፒውተር ከቪዲዮው ላይ አንድ ረጅም ኮድ ያወጣል። ኮዱ ለዚያ ቪዲዮ እንደ አሻራ ነው። ቪዲዮውን ራሱን መላላክ አያስፈልግም፤ አሻራውን የያዘ ኩባንያ ሁሉ ያው ቪዲዮ ሲጫን ያውቀዋል። ችግሩ አንድ ሰው ቪዲዮውን ቆርጦ ወይም ቀለሙን ለውጦ ሲጭነው አሻራው ሊለወጥ ይችላል። ክራይስትቸርች ላይ አንዱ ፈተና ይህ ነበር።

ከጥቃቱ ሁለት ወር በኋላ አርደርንና የፈረንሳዩ ፕሬዚዳንት ማክሮን መንግሥታትንና ኩባንያዎችን ፓሪስ ላይ ሰብስበው የክራይስትቸርች ጥሪ የተባለውን ስምምነት አስፈረሙ። በአውሮፓ ኅብረት ደግሞ ከሰኔ 2022 ጀምሮ አንድ መድረክ የሽብር ይዘት እንዲያነሳ ከባለሥልጣን ትእዛዝ ሲደርሰው በ1 ሰዓት ውስጥ ማንሳት ግዴታው ነው። ለውጥ መኖሩን መካድ አይቻልም። ክራይስትቸርች ላይ 17 ደቂቃ የቆየው ላይቭ፣ በፋሎ ላይ ትዊች በተባለው መድረክ ጥቃቱ ከጀመረ ሁለት ደቂቃ ሳይሞላው ተቋርጧል።

ግን አንድ ቅጂ አመለጠ። ሌላ ድረ ገጽ ላይ ተጭኖ ከመነሳቱ በፊት ከ3 ሚሊዮን ጊዜ በላይ ታየ።

ሲያባርሯቸውም ቦታ ይቀይራሉ። ትዊተር ከ2015 አጋማሽ እስከ ነሐሴ 2016 ድረስ ከሽብር ጋር የተያያዙ 360,000 አካውንቶች ዘጋ። ሰዎቹ ወደ ቴሌግራም ሄዱ። በኅዳር 2019 የአውሮፓ ኅብረት የፖሊስ ተቋም ዩሮፖል ከቴሌግራም ጋር ሆኖ ሲጠርጋቸው ወደ ትንንሽ መተግበሪያዎች ተበተኑ። «ታዲያ መዝጋቱ ምን ጠቀመ?» ትሉ ይሆናል። ጠቅሟል። ከትልቅ አደባባይ ወደ ጠባብ ሰፈር የተባረረ ሰባኪ አድማጩ ያንሳል። ሥራ ፈት ሆኖ ቲክቶክ የሚያይ ልጅ ስሙ የማይታወቅ መተግበሪያ ፍለጋ አይወጣም። የቀሩት ግን የባሰባቸው ናቸው። ያሉበትም ጓዳ ለፖሊስም ለወላጅም ጨለማ ነው።

ማሽን ደግሞ አይለይም። በ2017 ዩቲዩብ ጽንፈኛ ይዘትን በራሱ የሚለይ ሥርዓት ሲያጠናክር፣ ሶርያ ውስጥ የጦር ወንጀልን ለማጋለጥ በዜጎች የተቀረጹ በሺዎች የሚቆጠሩ ቪዲዮዎች አብረው ጠፉ። በኋላ የተመለሱ አሉ። ግን ማሽኑ አራጁንና የአራጁን ማስረጃ የያዘውን ሰው አንድ አድርጎ ነበር ያየው። ማሽኑ ቋንቋ ሳይችል ሲቀርስ? ምያንማር ውስጥ በሮሂንጋ ሙስሊሞች ላይ ለዓመታት በፌስቡክ ሲዘራ የኖረውን ጥላቻ በርማኛ አንብቦ የሚያነሳ በቂ ሰው አልነበረም። ከነሐሴ 2017 ጀምሮ ከ700,000 በላይ ሮሂንጋዎች አገር ጥለው ተሰደዱ። የተባበሩት መንግሥታት መርማሪዎች ማኅበራዊ ሚዲያ ወሳኝ ሚና እንደነበረው ተናገሩ። ኩባንያው በ2018 በቂ እንዳልሠራ አመነ። አመነ፤ ግን ብዙ ሰው አልቋል። ከትልልቆቹ የዓለም ቋንቋዎች ውጪ የሚጽፍ ማኅበረሰብ ሁሉ ይህን ታሪክ ማወቅ አለበት። የራሱን ቋንቋ የሚያነብለት ዓይን የራሱ ዓይን ነው።

ሰው ምን አደረገ?

አሁን እኔ በጣም ወደምወደው ክፍል ደረስን።

በ2016 ስዊድናዊቷ ጋዜጠኛ ሚና ዴኔርት አንድ የፌስቡክ ግሩፕ ከፈተች። ስሙ «እኔ እዚህ ነኝ» ማለት ነው። አሠራሩ ቀላል ነው። በአንድ ዜና ሥር የጥላቻ ኮሜንት ሲጎርፍ የግሩፑ አስተባባሪዎች ሊንኩን ይለጥፋሉ። አባላቱ እዚያ ሄደው በጨዋ ቋንቋ፣ በመረጃ፣ ሰው ሳይሰድቡ ይጽፋሉ። ከዚያ የአንዳቸውን ኮሜንት ሌላው ላይክ ያደርጋል። ላይክ የበዛበት ኮሜንት ወደ ላይ ይወጣል። ስድቡ ወደ ታች ይወርዳል። በአሥር ሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎች ተቀላቀሉ። በጀርመንና በሌሎች አገሮችም ተመሳሳይ ግሩፖች ተከፈቱ።

ዋናው ብልሃት የሚጽፉት ለተሳዳቢው አለመሆኑ ነው። እሱን ለማሳመን አይደክሙም። የሚጽፉት ዝም ብሎ ለሚያነበው ነው። ከኮሜንት አንባቢ መካከል የሚጽፈው ጥቂቱ ነው፤ ሌላው እያነበበ «አገሩ ሁሉ እንዲህ ነው የሚያስበው?» ይላል። የተሰደበው ወገን ልጅም እዚያ ውስጥ ሆኖ ያነባል። አንድ ሰው «እኔ በዚህ አልስማማም» ብሎ ሲጽፍ ያቺ «ብዙ ነን» የምትለው ሸቀጥ ትረክሳለች።

ጀርመኖች ደግሞ ሌላ ነገር አደረጉ። የሂትለር ምክትል የነበረው ሩዶልፍ ሄስ ተቀብሮባት በነበረችው ቩንዚደል የተባለች ትንሽ ከተማ ኒዮ ናዚዎች በየዓመቱ ሰልፍ ይወጡ ነበር። ነዋሪው ተቃውሞ ተቃውሞ ደከመው። በኅዳር 2014 ሰልፈኞቹ ለሚራመዷት ለእያንዳንዷ ሜትር 10 ዩሮ የሚከፍሉ ለጋሾች ተዘጋጁ። ገንዘቡ የሚሄደው ሰዎችን ከኒዮ ናዚ ቡድን ለሚያስወጣው ኤግዚት ዶይችላንድ ለተባለ ድርጅት ነው። ሰልፈኞቹ ተራመዱ። 10,000 ዩሮ ተሰበሰበ። በእግራቸው ሄደው ራሳቸውን የሚያፈርስ ገንዘብ አዋጡ። የዚህ ቪዲዮ በዓለም ሁሉ ተዛመተ። ጽንፈኛ የሚፈልገው ወይ ፍርሃት ነው ወይ ድብድብ፤ ከተማዋ ሁለቱንም ነፈገችው።

የዴንማርኳ ኦርሁስ ከተማ ሌላ ምሳሌ ናት። በ2013 ወደ 30 የሚጠጉ ወጣቶች ከዚያች ከተማ ወደ ሶርያ ጦርነት ሄደው ነበር። ፖሊስና ማዘጋጃ ቤቱ ከማሰር ብቻ ሌላ መንገድ ያዙ። ወንጀል የሠራ ይከሰሳል። ያልሠራው ግን የሚያማክረው ሰው ይመደብለታል፣ ትምህርት ወይም ሥራ እንዲያገኝ ይረዳል፣ ወላጆቹም አብረው ይታገዛሉ። ብዙዎቹ ወጣቶች ይመላለሱበት ከነበረው መስጊድ ጋርም በግልጽ ተነጋገሩ። በቀጣዩ ዓመት የሄዱት በጣት የሚቆጠሩ ሆኑ። ለዚያ ሌሎች ምክንያቶችም ሊኖሩ ይችላሉ። ግን አንድ ሙሉ ማኅበረሰብን በጥርጣሬ ዓይን ከማየት ይልቅ አብሮ መሥራት መረጃም ያመጣል፣ እምነትም ያመጣል። የተጠረጠረ ሰፈር ልጁ ሲጠፋበት ለማን ይናገራል?

ያልሠራ ነገርም አለ። የአሜሪካ ውጭ ጉዳይ መሥሪያ ቤት በእስላማዊ መንግሥት ነኝ ባዩ ቡድን ላይ የሚያላግጥ ዘመቻ በትዊተር ከፍቶ ነበር። የቡድኑን ጭካኔ በቡድኑ በራሱ ቪዲዮ ለማሳየት ሞከረ። ክፉኛ ተተቸ። የተናጋሪው ማንነት ከንግግሩ በፊት ይደመጣል፤ ወጣቱ የማያምነው መንግሥት «ተው» ስላለው አይተውም። ከቡድኑ የወጣ ሰው፣ የተገደለበት ቤተሰብ፣ የሃይማኖት መምህሩ ወይም አክስቱ ቢሉት ግን ቢያንስ ቆም ይላል።

የእራት ግብዣው

የስቶርምፍሮንትን ነገር አልጨረስኩም። የመሥራቹ የዶን ብላክ ልጅ ዴሬክ ብላክ ያደጉት እዚያ ድረ ገጽ ላይ ነው ማለት ይቻላል። በ10 ዓመታቸው የድረ ገጹን የልጆች ክፍል ሠርተዋል። የንቅናቄው ወራሽ እንደሚሆኑ ይጠበቅ ነበር። ፍሎሪዳ ውስጥ አንድ ትንሽ ኮሌጅ ገቡ። በ2011 ማንነታቸው ታወቀ። ግቢው ተናወጠ። ብዙ ተማሪ አገለላቸው። ማግለሉንም ቢሆን አልኮንንም፤ ተማሪዎቹ ፈርተውም ተጎድተውም ነበር፣ ቁጣቸውም እንዲያስቡ እንዳደረጋቸው ዴሬክ ራሳቸው በኋላ ተናግረዋል።

ማቲው ስቲቨንሰን የተባለ አይሁዳዊ ተማሪ ግን ሌላ ነገር አደረገ። በየሳምንቱ ዓርብ ማታ ጓደኞቹን ለሰንበት እራት ይጠራ ነበር። ዴሬክንም ጠራ። መጡ። ስለ ዘር አልተወራም። በሚቀጥለው ሳምንትም መጡ። ማዕዱ ላይ ይጠሏቸው ዘንድ የተማሩባቸው ሰዎች ልጆች ተቀምጠዋል። ወራት አለፉ። ከዚያ በኋላ ነው ጥያቄዎች የመጡት፤ ከሌላ ጓደኛ ጋር በረጅሙ፣ ጥናት እየተነበበ፣ ማስረጃው እየተነሳና እየተጣለ። ዴሬክ ንቅናቄውን በይፋ መተዋቸውን የገለጹት በሐምሌ 2013 ነው። ከመጀመሪያው እራት ወደ ሁለት ዓመት ገደማ ቆይቶ ማለት ነው።

ሁሉም ሰው ጠላቱን እራት ይጋብዝ አልልም። የሚሰደበው ሰው ተሳዳቢውን የማዳን ግዴታ የለበትም፤ ይህን ሸክም ተጎጂው ላይ መጫን ግፍ ነው። ግን ታሪኩን አስተውሉት። ዴሬክን ያስገባቸው ክርክር አልነበረም። የተወለዱበት ቤት፣ የሚወዷቸው ሰዎች ነበሩ። መውጫውንም የከፈተው መጀመሪያ ሰው ነው፣ ክርክሩ የመጣው ከዚያ በኋላ ነው።

በእጃችን ያለው

ጥቂት ተግባራዊ ነገር ልበል። የጥቃት ቪዲዮ ሲደርሳችሁ ለማውገዝም ቢሆን አትላኩት። ሪፖርት አድርጉና እናንተ ጋ ይቁም። ዛቻ ወይም የጥቃት እቅድ ካያችሁ ግን ከማጥፋታችሁ በፊት ስክሪንሾት ያዙ፤ ቀን፣ ሰዓትና የአካውንቱ ስም እንዲታይ አድርጉና ለሚመለከተው የሕግ አካል አድርሱ። የሚሰደብ ሰው ካያችሁ በኢንቦክስ «አይቻለሁ፣ አብሬህ ነኝ» በሉት። ሁለት ደቂቃ አይፈጅም።

ልጅን ቀድሞ ማስጠንቀቅም ይሠራል። ጥናቶች እንደሚያሳዩት ሰው የማታለያውን ዘዴ አስቀድሞ ካወቀ ሲያጋጥመው በቀላሉ አይወድቅም፤ እንደ ክትባት ነው። «አንድ ሰው መጀመሪያ ያመሰግንሃል፣ ከዚያ በሌላ ወገን ላይ ያስቅሃል፣ ከዚያ ለቤተሰብህ አትንገር ይልሃል» ብሎ መንገር ይበቃል። ሦስተኛዋ ላይ ሲደርስ ልጁ ራሱ ያስታውሳታል።

ቤት ውስጥ የሚታዩ ለውጦች አሉ። የድሮ ጓደኞቹን ድንገት ይተዋል። «እነሱ ሁሉም እንዲህ ናቸው» ማለት ያበዛል። የማይገባችሁ ቃል ይጠቀማል፣ ስትጠይቁት ይስቃል። እያንዳንዱ ለብቻው የጉርምስና ጠባይ ሊሆን ይችላል። ሲደራረቡ ግን ጠጋ ማለት ያስፈልጋል። ብዙ ወላጅ መጀመሪያ የሚያደርገው ስልኩን መቀማት ነው። ይገባኛል፣ ያስፈራል። ግን ግሩፑ ውስጥ «ቤተሰቦችህ አይረዱህም» ተብሎ ተነግሮታል። ስልኩን ስትቀሙት ትንቢቱ ተፈጸመ ማለት ነው።

አንድ ማታ ልጃችሁ ሌሊት ስለሚጽፍለት ስለዚያ ሰው ድንገት ቢያነሳላችሁ «ማነው እሱ?» ብላችሁ አትጩሁ። የያዛችሁትን ሥራ አስቀምጡ። «ስለ ምን ታወራላችሁ?» በሉት። ከዚያ እሱ ጨርሶ እስኪናገር ጠብቁት።